የኔፓል ቁልፍ በገላን ኮንዶሚኒየም

ከሥልጠና የተመለሰ ሰው ለሰፈሩ አደገኛ ነው። ይህን የምለው ከሩቅ አይቼ አይደለም፤ ራሴ ከተመላሾቹ አንዱ ነኝ። ያልሠለጠነ ሰው ጎረቤቶቹ ሲጣሉ ወይ ይገላግላል ወይ በሩን ዘግቶ ያዳምጣል። የሠለጠነው ግን «ሂደቱ ምን ላይ ደረሰ?» ብሎ ይጠይቃል።

እኔ የሠለጠንኩት ስለ ኔፓል ነው። አምስት ቀን ሙሉ። ለምን ኔፓል እንደሆነ መሥሪያ ቤታችን አልነገረንም፣ እኛም አልጠየቅንም፤ ምሳው ጥሩ ነበር። ሰዎቹ አሥር ዓመት እርስ በርስ ተዋግተው ታረቁ። ንጉሣቸውን ከቤተ መንግሥት አስወጥተው እንደማንኛውም ዜጋ ይኑሩ አሏቸው። ሕገ መንግሥት የሚጽፍ ጉባኤም መረጡና ሁለት ዓመት ሰጡት። ሁለቱ ዓመት አለቀ፤ ተራዘመ። ደግሞ ተራዘመ። በመጨረሻ ጉባኤው ምንም ሳይጽፍ ተበተነና ሌላ ተመረጠ። ጽፎ የጨረሰው ያኛው ነው።

ልቤን የነካው ግን የመሣሪያው ነገር ነው። ሸማቂዎቹ ጠመንጃቸውን ኮንቴይነር ውስጥ አስገብተው ቆለፉ፤ የመንግሥት ጦርም ያንኑ ያህል ቆለፈ። የሸማቂዎቹ ቁልፍ ከራሳቸው ከሸማቂዎቹ ጋር ቀረ፤ ታዛቢ ቆሞ ጠበቀ። እኔ ቃሊቲ ያደግኩ ሰው ነኝ። ኮንቴይነር ሱቅ ሲሆን፣ ቢሮ ሲሆን፣ የዘበኛ ቤት ሲሆን አይቻለሁ። ሰላም ሲያወርድ የሰማሁት ግን ያን ቀን ነው። ሰርተፍኬቴን ይዤ ገላን ኮንዶሚኒየም ስገባ፣ እንደ ዕድል ሆኖ፣ ብሎካችን ጦርነት ላይ ነበር።

የጠቡ ምክንያት ውሃ ነው። በሳምንት ሁለት ቀን፣ ያውም እስከ ስድስት ሰዓት ብቻ ይመጣል። አራተኛ ፎቅ የሚኖሩት እትዬ አስካለ ከላይኞቹ ጋር ሆነው የውሃ መሳቢያ ሞተር አስገጥመዋል። ሞተሩ ሲነሣ ምድር ቤት ቁርስ ቤት ያለው ከድር ቧንቧውን ቢከፍት የሚያገኘው ፉጨት ነው። ከድር በበኩሉ ተናዶ የብሎኩን ዋና መዝጊያ ይዘጋል፤ ያኔ ሞተሩ አየር ስቦ ይጮኻል፣ እትዬ አስካለም ከሞተሩ በላይ ይጮኻሉ። እኔ ሁለተኛ ፎቅ ነኝ። ከላይም ከታችም አይደለሁም። ከዚህ የበለጠ ገለልተኛ የት ይገኛል?

ስምምነቱን በአንድ እሑድ ከሰዓት በኋላ አረቀቅኩት። ሞተሩም ዋናው መዝጊያም ያሉት ከደረጃው ሥር ባለችው ጠባብ ክፍል ነው። ሞተሩ ይጠፋል፣ መዝጊያው ይዘጋል፣ ክፍሉ ይቆለፋል። በሩ ሁለት ጓጉንቸር ይኖረዋል፤ የአንዱ ቁልፍ ከሁለቱ ወገኖች ጋር በተራ፣ የሁለተኛው ከታዛቢው ጋር። ታዛቢው እኔ ነኝ። በሁለት ሳምንት ውስጥ ኮሚቴ የብሎኩን መተዳደሪያ ደንብ ይጽፋል። እንዴት እሺ አሉ ትሉኝ ይሆናል። እያንዳንዱ ወገን የሌላውን ጥማት እያሰበ ነው የፈረመው።

ኮሚቴው ሁለት ሳምንቱን ደንቡን ማን እንደሚያጸድቀው ሲከራከር ጨረሰ። ተከራይ ድምፅ አለው ወይስ ባለቤት ብቻ? አራዘምን። ሦስተኛ ፎቅ የራሴ ሞተር ያለኝ ራስ ገዝ ልሁን አለ። አራዘምን። በዚህ መካከል ሁላችንም ከጎረቤት ብሎክ በጀሪካን እየቀዳን እንጠጣለን። ከድር ፉሉን በስንት መከራ ይቀቅላል፤ እትዬ አስካለ በዚያ በሚያማቸው ጉልበት አራት ፎቅ በየደረጃው እያረፉ ይወጣሉ። እኔ ግን ኔፓልም እንዲሁ ነበረች እያልኩ አጽናናቸው ነበር። ለዚህ ነው ስሜ የተቀየረው፤ ሕፃኑም ሽማግሌውም ጋሽ ኔፓል ይለኝ ጀመር። አንድ ቀን ከድር፣ ጋሽ ኔፓል፣ እዚያ አገር ውሃ አለ እንዴ ብሎ ጠየቀኝ። ተራራው ሁሉ በረዶ ነው አልኩት። እንግዲያው እነሱስ ይታገሡ አለ።

አራተኛው ማራዘሚያ ላይ እንዳለን የእትዬ አስካለ ልጅ ወለደች። ሐሙስ ጠዋት ከሆስፒታል ወጥታ እናቷ ቤት ልትገባ ነው። ሐሙስ ደግሞ የውሃ ቀን ነው። እኔ ሳሪስ፣ ቢሮዬ ተቀምጫለሁ፤ ቁልፉ ኪሴ ውስጥ ነው።

ሦስት ሰዓት ላይ እትዬ አስካለ ደወሉ። ክፈትልን አሉኝ። እኔም በስምምነቱ አንቀጽ ስድስት መሠረት ሁለቱም ወገኖች የፈረሙበት ደብዳቤ እንደሚያስፈልግ በአክብሮት ገለጽኩላቸው። እሳቸውም፣ አራሷን በደብዳቤ ላጥባት ነው አንተ ሰውዬ አሉኝ። ሩብ ሰዓት ሳይሞላ ከድር ደብዳቤ በስልኩ ፎቶ አንሥቶ ላከልኝ። በፉል ማዘዣ ወረቀት ላይ የተጻፈ ነው፤ የሁለቱም ፊርማ አለበት። እውነቴን ነው የምላችሁ፣ ዓይኔ እንባ አቀረረ። የመጀመሪያው የጋራ ሰነዳቸው ነበር።

ወዲያው ታክሲ ያዝኩ። ከሳሪስ አቦ እስከ ቃሊቲ ያለውን የመንገድ መዘጋጋት አልተርክላችሁም፤ ስልክህ ስንት ጊዜ ጮኸ ካላችሁኝ ግን፣ አሥራ አንድ ጊዜ ጮኋል። ረዳቱ ሳይቀር፣ ፋዘር፣ አንሣውና እንገላገል ብሎኛል።

አምስት ሰዓት ተኩል ላይ ስደርስ የታዛቢው ጓጉንቸር ለሁለት ተቆርጦ መሬት ላይ ወድቋል። መጋዙን ያመጣው ከድር ነው፤ በሩን ደግፈው የያዙለት እትዬ አስካለ ናቸው። ከድር የራሱን ቧንቧ ዘግቶ ሞተሩን አስነሥቶላቸዋል። ላይ በርሜሉ ሲሞላ እሳቸው በመስኮት አንገታቸውን አውጥተው፣ በቃ ከድርዬ፣ አሁን አንተ ቅዳ እያሉ ነው። ከድርዬ! ለአራት ወር ያ ታች ያለው ሲሉት የነበረውን ሰው።

ደንቡንም ጽፈው ጨርሰዋል። በእኔው ስምምነት ጀርባ ላይ፣ በከድር እስክሪብቶ። ሁለት አንቀጽ ብቻ ነው። አንድ፦ ውሃ በመጣ ቀን እስከ አራት ሰዓት ታች፣ ከዚያ በኋላ ላይ። ሁለት፦ ጋሽ ኔፓል ምንም ዓይነት ቁልፍ አይይዝም።

ተከራይም ባለቤትም፣ ራስ ገዙ ሦስተኛ ፎቅም ሳይቀር፣ እዚያው ደረጃው ላይ እጅ አውጥቶ በሙሉ ድምፅ አጸደቀው። ኔፓል ዓመታት የፈጀባትን እኛ በአንድ ጠዋት ጨረስን። በሁለተኛው አንቀጽ ላይ የምለው ነበረኝ፤ ነገር ግን ራሴ ባረቀቅኩት ስምምነት መሠረት ታዛቢ ድምፅ የለውም።