ማሽኑ ተሸጠ እንጂ እግሬ አልተሸጠም

«የእኔ ታሪክ ቢጻፍ አንድ መጽሐፍ አይበቃውም» የምትል ሴት የሌለችበት ሰፈር፣ ሰፈር አይባልም። አንዳንዱ ሰፈር መብራት ይጎድለዋል፣ አንዳንዱ ውሃ፤ እሷ ግን የትም አትጎድልም።

የእኛዋ ልብስ ሰፊ ናቸው። ሱቃቸው እኔ ከምኖርበት ፎቅ ሥር ነው። እውነተኛ ስማቸውን የሚያውቁት አከራያቸው ብቻ ሲሆኑ፣ ለቀረው ሕዝብ ክብርት እትዬ ታሪክ ናቸው። ሱሪ ሊያሳጥር የገባ ሰው ትዳራቸውን፣ አማታቸውንና ከአከራያቸው ጋር የተካሰሱበትን ዘመን በቅደም ተከተል ሳይሰማ አይወጣም። ማምለጥ ደግሞ አይታሰብም። ዙሪያውን ስፒል የተሰካበት ሰው ወዴት ይሮጣል?

ለሙሽሮች በተለይ ያሰጋል። እትዬ አንገት እየለኩ ሳለ ወሬው አማታቸው ላይ ከደረሰ፣ ሜትሩ ሳያውቁት እየጠበቀ ይሄዳል። አንዷ ሙሽራ «እትዬ፣ ኧረ ትንፋሽ አጠረኝ» ብትላቸው፣ «እኔስ? ያን ሁሉ ዓመት አጥሮኝ አይደል የኖርኩት?» አሏት።

ባለቤታቸውን «ሟቹ» ይሏቸዋል። እኔም ለሰፈሩ አዲስ በነበርኩ ጊዜ ስማቸው በተነሳ ቁጥር «ነፍስ ይማር» እል ነበር። አንድ ቀን ታዲያ ሟቹ ባርኔጣቸውን ከፍ አድርገው «ደህና ዋላችሁ?» ብለውን በሱቁ ደጃፍ አለፉ። እኔ ወደ እትዬ ዞርኩ። እትዬ ክሩን በጥርሳቸው በጥሰው፣ «ለእኔ ሞቷል፤ ለራሱ ይኑር፣ ማን ከለከለው?» አሉኝ።

ከታሪኮቻቸው ሁሉ የማይጠገበው የማሽኑ ነው። የመጀመሪያ ልጃቸውን ሊወልዱ ሆስፒታል ሲገቡ፣ ሟቹ (ያኔ በሕይወት ነበሩ) የስፌት ማሽናቸውን ለአንድ ነጋዴ ሸጡባቸው። እትዬ አራስ ሆነው ሲመለሱ ማሽኑ በቆመበት ቦታ ወለሉ ላይ የእግሮቹ ምልክት ብቻ ቀርቷል። «ያኔ አለቀሱ?» ብሎ የሚጠይቃቸው ሰው ወዮለት!

«ለምን ብዬ? ማሽኑ ተሸጠ እንጂ እግሬ አልተሸጠም!»

ሕፃኑን አዝለው ነጋዴው ቤት ሄዱ። ሳሎን ገቡ፣ ማሽናቸው ፊት ተቀመጡ፣ የደንበኛ ቀሚስ ከዘንቢላቸው አወጡና ማሽኑን እየረገጡ መስፋት ጀመሩ። በማግስቱም መጡ። ውለው አድረው ደንበኞቻቸው ሁሉ አድራሻውን ለመዱትና ልብሳቸውን ይዘው ነጋዴው ሳሎን ውስጥ ተራ ይጠብቁ ጀመር። በመጨረሻ የነጋዴው ሚስት «ማሽኑን ስጣትና ትሂድልን፤ አለዚያ እኔንም ከሶፋው ጋር ትሰፋኛለች» ብላ አፋጠጠችው። ማሽኑ በነጋዴው በራሱ ጋሪ ተጭኖ ቤቱ ገባ።

የነጋዴው ግቢ ውስጥ ውሻም ነበረ። እኔ ታሪኩን መጀመሪያ ስሰማ ውሻው ቡችላ ነበር። ባለፈው ወር ሲተርኩት ጥጃ አክሏል።

ጋዜጣ ላይ እንደምጽፍ በሰሙ ጊዜ «በል እንግዲህ፣ ጻፈኝ» አሉኝ። ደስ ብሎኝ ጻፍኩና ላነብላቸው ወረድኩ። «ይህች ምስኪን ሴት...» ከማለቴ መቀሱ ጠረጴዛው ላይ ጧ አለ።

«ማናት ምስኪን?»

«ያው... እርስዎን ለማለት ነው፣ እትዬ።»

«እኔን? ተጣልቼ፣ ተሟግቼ፣ አሸንፌ የመጣሁትን ሴትዮ ነው ምስኪን የምትለኝ? ሰው በሌላ ሰው ልክ የተሰፋ ሱሪ ይለብሳል? ውጣልኝ!»

ወጣሁ። ዛሬ ይህን ሲያነቡ የሚያደርጉኝን ፈጣሪ ያውቃል።

ከሱቃቸው ቀጥሎ የጸጉር ቤት አለ። ጸጉር ሠሪዋ እትዬን በሁሉ ነገር የምትቃረን ልጅ ናት፤ ስትናገር የጸጉር ማድረቂያው ጠፍቶ እንኳ ድምጿ አይሰማም። ባሏ እሷ ሥራ በዋለችበት ቀን የቤቱን ቁልፍ ቀየረ፤ ትንሿን ልጃቸውን ይዞ አስቀረባት። ለዘመድ ለጎረቤቱም «ጥላን ሄደች» ብሎ አወራ። እትዬ ሱቃቸው ውስጥ አስጠጓት። ልጅቷ ልጇን ለማስመለስ ክስ መሠረተችና፣ እትዬን ምሥክር አድርጋ ጠራቻቸው።

ሰፈሩ ተሸበረ። «እሳቸው አፋቸውን ከከፈቱ ዳኛው ጡረታ ይወጣሉ እንጂ ፍርድ አይሰጡም» አለ ባለሱቁ። የልመናው ሥራ ለእኔ ተሰጠ።

«እትዬ፣ እባክዎ የተጠየቁትን ብቻ ይመልሱ። የማሽኑን ነገር እንዳያነሱ።»

«ማሽኑን ከዚህ ጋር ምን አገናኘው?» አሉኝ በጣም ተቀይመው።

ፍርድ ቤት አብሬያቸው ሄድኩ። ጠባብ ክፍል ናት፤ አግዳሚ ወንበሮቿ ሲጢጥ ሲጢጥ ይላሉ። የባልየው ጠበቃ ምላሱ ቅቤ ነው። «ከሳሽ በገዛ ፈቃዳቸው ትዳራቸውን ጥለው፣ ሕፃኗንም ትተው» እያለ ሲያንቆረቁረው፣ እውነቱን የማውቀው እኔ እንኳ ላምነው ምንም አልቀረኝም። ከዚያ ዳኛው ልጅቷን እንድትናገር ጠየቋት። ተነሳች። «እኔ...» አለችና ቆመች።

«ጮክ ብለሽ» አሉ ዳኛው።

እንደገና «እኔ...» አለች።  ጠበቃው ፈገግ አለ። ልጅቷ ወደ እትዬ ዞራ፣ «እሳቸው ይናገሩልኝ። ሁሉንም ያውቃሉ» አለች።

«ይሁን፤ ይናገሩ እናቴ» አሉ ዳኛው።

እትዬ ታሪክ ተነሱ። እኔ ዓይኔን ጨፈንኩ።

«ክቡር ፍርድ ቤት፣ እኔ አላውቀውም» አሉ።

ዓይኔን ከፈትኩ።

«ስታለቅስ አይቻለሁ። ሱቄ ውስጥ አስጠግቻታለሁ። ይህን እመሰክራለሁ። በሩ የተዘጋባት ግን እሷ ናት፤ እኔ እዚያ አልነበርኩም። ደግሞ እኔ ካወራሁት የእኔ ይሆናል፤ ራሴን አውቀዋለሁ።» ከዚያ ወደ ልጅቷ ዞሩ። «ልጄ፣ ከመጀመሪያው መጀመር ካቃተሽ ከመሃሉ ጀምሪ። ከበሩ ጀምሪ።» ብለው ተቀመጡ።

 እትዬ ሁለት እጃቸውን ጭናቸው ሥር ከተቱ፤ ከንፈራቸውን ነከሱ። እኒያ ሴትዮ ዝም ለማለት ሲታገሉ ማየት ቀላል ነገር አይደለም፤ ግንባራቸው ላይ ላብ ችፍ አለ።

«ቁልፌ አልገባ አለኝ» አለች ልጅቷ። «የተበላሸ መስሎኝ ነበር። ከዚያ ልጄ ከውስጥ 'እማዬ፣ ክፈቺልኝ' ስትል ሰማኋት። መክፈት አቃተኝ።»

ከዚያ በኋላ አልቆመችም። ስለ በሩ፣ ከበሩ በፊት ስለነበረው ዱላ፣ «ለማን ትነግሪያለሽ? ማንስ ይሰማሻል?» እያለ ባሏ ስለሚዝትባት ሁሉንም ተናገረች። ጠበቃው «ተቃውሞ አለኝ» ብሎ ሊነሳ ሲል ዳኛው እጃቸውን አነሱ፤ «ይጨርሱ።» ዳኛውን ከ«ጮክ ብለሽ» ወደ «ይጨርሱ» ያደረሰቻቸው ራሷ ናት። እትዬን ዞር ብዬ አየኋቸው። ማሽናቸው ሲሸጥ ያልፈሰሰው እንባ ጉንጫቸውን ሞልቶታል።

በተከታዩ ቀጠሮ ሕፃኗ ከእናቷ ጋር እንድትኖር ተወሰነ፤ አባቷም ቅዳሜ ቅዳሜ እንዲያያት ተፈቀደ።

አሁን ሰፈራችን ሁለት ባለታሪክ አላት። ጸጉር ሠሪዋ ማድረቂያ ውስጥ ጭንቅላቱን ላስገባ ሰው ሁሉ ታሪኳን ከበሩ ጀምራ ትተርካለች፤ ድምጿም ከማድረቂያው ጩኸት በላይ ይሰማል። እትዬም ባለፈው ጸጉራቸው ተጠቅልሎ፣ ታሪኩ እስኪያልቅ ማድረቂያው ሥር ተይዘው ቆይተው ሲወጡ፣ «ጥሩ ልጅ ናት፤ ግን ታበዛዋለች!» አሉኝ።

ትናንት ደግሞ እቤቴ ቁጭ ብዬ የደህናውን ኮቴን ገበር ተረተርኩና ይዤ ወረድኩ። እትዬ ተቀብለው አገላብጠው አዩት።

«ይሄ አልተቀደደም። ሰው ነው የተረተረው።»

«አዎ፣ እትዬ።»

ከመነጽራቸው በላይ አዩኝ። ከዚያ እንድቀመጥ ወንበሩ ላይ የነበረውን ጨርቅ አነሱልኝና፣ «ከየት ልጀምርልህ?» አሉ።