ለፋሲካ የተጫኑ ጌሞች

ጌም እየጫነ የማይጫወት ሰው ገጥሟችሁ ያውቃል? እኔ አንድ አውቃለሁ። ሙሉሰው ይባላል፤ ፍኖተ ሰላም መናኸሪያው አጠገብ ጫማ ይሸጣል። ከአዲስ አበባ ያስመጣት በእጅ የምትያዝ ጌም መጫወቻ አለችው፤ ባለሙያ የፋብሪካ ቁልፏን ስለከፈተላት ከኮምፒውተር የተቀዳ ጌም ሁሉ ትቀበላለች።

ሁዳዴ ሲገባ "ጾም ነው፣ አልጫወትም" አለኝ። መጫኑን ግን ማን ከለከለው? ለፋሲካ በግ እንደሚያደልብ ሰው ዛሬ ኳስ፣ ነገ የመኪና ውድድር እያለ የውስጥ ሚሞሪዋን ሞላው። ሰሙነ ሕማማት ላይ መጫወቻዋ "ቦታ የለም" አለች።

"አንዱን አጥፋው" ብዬ ብመክረው ተቆጣኝ።

"ሳልቀምሰው?"

ቆይቶ ግን ፊቱ በራ። እሱ ያልጫነው፣ ስሙንም የማያውቀው ትልቅ ፋይል ውስጧ አገኘና ደመሰሰው። ማንስ ላልጋበዘው እንግዳ ቦታ ይለቃል?

የፋሲካ ዕለት ዶሮውን በልተን፣ እጃችንን ታጥበን ከበብናት። አልነሳም አለች። ያ ፋይል ለካ መጫወቻዋን የሚያስነሳት ኖሯል።

እኔ አዘንኩ። ሙሉሰው ግን የጨለመውን መስታወት በጋቢው ጫፍ እየወለወለ፣ "እሱ ይመስገን፣ ከጌሞቹ አንድም አልጎደለብኝ" አለኝ።