ሊቀ በጥባጮች አያ ምስቅልቅል

በየኮንዶሚኒየሙ ብሎክ አንድ አያ ምስቅልቅል አለ። የለም የሚል ካለ፣ ወይ ትናንት የገባ ተከራይ ነው፣ ወይ ራሱ አያ ምስቅልቅል ነው።

ለማያውቁት ላስተዋውቅ። ክቡር አያ ምስቅልቅል፣ ሊቀ በጥባጮች፣ የታየው ቅጥ በምትባል አገር ነው። በቅጥ ወንዙ በማስመሪያ እንደተሰመረ ቀጥ ብሎ ይፈሳል፤ ወፎች ተራ ጠብቀው ይዘምራሉ፤ ደመና ያለ ፈቃድ አይንቀሳቀስም። ስለዚህም ዝናብ ዘንቦ አያውቅም። አንድ ቀን ካፖርቱን ገልብጦ የለበሰ፣ ማማሰያ የተሸከመ ሰው መጣና "ላግዛችሁ?" አለ። መልስ ሳይጠብቅም ሰማዩን አማሰለው። ደመና ከደመና ተላተመ። ጎርፉ የንጉሡን ዙፋን ይዞ ሄደ። ሰንበት ሲል አገሩ በሙሉ አረንጓዴ ለበሰ። ንጉሡ በቁጣ ቢያስጠሩት፣ "ሳይደፈርስ አይጠራም" ብሏቸው ማማሰያውን ተሸክሞ ወጣ።

ይህን አገር ፍለጋ ማንም እንዳይደክም። ቅጥ የምትገኘው ልደታ ኮንዶሚኒየም፣ እኛ ብሎክ፣ አራተኛ ፎቅ፣ እትዬ የሻረግ ጭንቅላት ውስጥ ነው። ለግቢው ልጆች የሚያወሩት ተረት የገዛ ፈጠራቸው ነው፤ በነገሩት ቁጥርም ይለወጣል።

"እትዬ፣ ትናንት ካፖርቱ ቀይ ነበር እኮ!" ይላሉ ልጆቹ።

"ታጠበና ለቀቀ።"

ተረቱን በማውራት ቢያበቁ ደግ ነበር። እትዬ የሻረግ ግን ይኖሩታል። "ላግዝ?" ያሉበት ቤት እንደነበረ አይገኝም። ጎረቤታችን ነጅማ ለዒድ መጋረጃ ስትሰቅል አገዟት፤ መጋረጃው የሶፋ ልብስ፣ የሶፋው ልብስ መጋረጃ ሆኖ አረፈው። ነጅማ ሰነባብታ ከኩርፊያዋ ተመለሰች፤ አሁን እንግዳ ሲያደንቅላት "የራሴ ዲዛይን ነው" ትላለች። የግቢውን አትክልት ስንተክል ሲያግዙን ደግሞ ጎመኑን ከጽጌረዳው መሐል ተከሉት። ይኸው ጎመናችን እስከ ዛሬ ጽጌረዳ ጽጌረዳ ይላል።

እኔን ያገዙኝ በንባብ ክፍሌ ነው። በግ ከምናርድበትና ልብስ ከምናጥብበት የጋራ ቤት አንዲት ክፍል ለምኜ፣ መጻሕፍት ሰብስቤ ለልጆች ከፍቼ ነበር። ለእኔ ትምህርት ቤቴ መጽሐፍ ነው። እግዚአብሔር በዚያ በኩል የሰጠኝን ለብቻዬ ይዤ መቅረት አልሆነልኝም። የዕድራችን ሰብሳቢ አቶ በድሉ ግን ክፍሏን ለዕድሩ ዕቃ ፈለጓት።

"ወይዘሮ ሰብለወንጌል፣ አንድም ልጅ አይመጣ! ባዶ ቤት ይጠብቃሉ? እሑድ ኮሚቴው ይወስናል" አሉኝ። ውሳኔውን ሳይጠብቁም የዕድሩን አግዳሚና ድስት የክፍሏ በር ላይ አስከመሩት።

ልጆች አለመምጣታቸው እውነት ነበር። መጻሕፍቱ በቁመታቸው ተሰልፈዋል፣ ወለሉ ያበራል፣ ግድግዳው ላይ "በዝግታ ይገለጥ" ይላል። ክፍሏ ቁርጥ ቅጥን ነበረች፤ ዝናብ ብቻ ነው የጎደላት። ቢሆንም አልለቅም ብዬ ቆረጥኩ። ቅዳሜ ጠዋት ልደታ ማርያምን ተሳልሜ መደርደሪያውን ልወለውል ስመለስ፣ እትዬ የሻረግ በሩ ላይ ቆመዋል።

"ሰብልዬ፣ ላግዝሽ?"

"በእመቤቴ! ዛሬን እንኳ ይተዉኝ፣ እትዬ!"

"ሳይደፈርስ አይጠራም" ብለው ገቡ።

ውኃ ይዤ እስክመለስ መጻሕፍቱን ከመደርደሪያው አውርደው፣ በዕድሩ ትልልቅ ድስቶች ሞልተው ክዳን ገጥመውባቸዋል። "ድስት ከፍቶ የማያይ ልጅ የት አለ?" አሉኝ። ልመልስ ስል አንደኛ ፎቅ ለቅሶ ተሰማ። ዕድሜ የጠገቡት አባባ ወልደአማኑኤል አርፈው ነበር።

የዕድር ጥሩምባ ከተነፋ ቆሞ ዕቃ የሚፈትሽ የለም። ወጣቶቹ አግዳሚውንም ድስቱንም እንዳለ ተሸክመው ሄዱ። ለቅሶ ላይ ደግሞ መጽሐፌን መልሱልኝ አይባልም። ወጥ ሠሪዎቹ ክዳኑን ሲያነሱ የጠበቃቸው የታሪክና የተረት መጽሐፍ ነው።

"ይሄ ምንድን ነው? ለቅሶ ቤት እኮ ነው!" ብለው አቶ በድሉ ጮኹ። መጻሕፍቱን ድንኳኑ ውስጥ አግዳሚ ላይ ዘረገፏቸው።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ንግግሬን አዘጋጅቼ ድንኳን ገባሁ። ክፍሏን ብትፈልጉ ከነእኔ ቆልፏት ልል ነው። ካርታ ተጫዋቾቹ ካርታቸውን ጥለው ያነብባሉ። ልጆች አንዱን መጽሐፍ ለሦስት ይሻማሉ። አቶ በድሉ ጥግ ላይ ተቀምጠው ገጹን በጣታቸው ይዘዋል።

"አቶ በድሉ፣ የክፍሏ ነገር..."

"ቆይ እስቲ፣ ይቺን ልጨርስ" አሉኝ፣ ቀና ሳይሉ።

ሲጨርሱ ኮሚቴው ወሰነ፤ ድስትና መጽሐፍ በአንድ ክፍል ይደሩ። ከዚያ ወዲህ ልጆቹ ከትምህርት ቤት ሲመለሱ ክዳን ሲያንኳኩ ይሰማኛል።

ሰሞኑን ግን እትዬ የሻረግን ጉልበታቸው ይዟቸው አልወረዱም። ክፍሏ ጸዳች። እኔም መጻሕፍቱን ከድስቱ አውጥቼ መደርደሪያው ላይ በቁመታቸው መለስኳቸው። ልጆቹ በበሩ አጮልቀው አይተው ሄዱ። ትናንት አላስቻለኝም፤ አራተኛ ፎቅ ወጥቼ አንኳኳሁ።

"እትዬ የሻረግ፣ ኧረ ይውረዱና ይበጥብጡልን!"

ከአልጋቸው ተነሡ። ቅር ያላቸው አይመስሉም።

"ያቺን ካፖርቴን አቀብዪኝ" አሉ።

ከመስቀያው አወረድኩላቸው። ቀይ ነበር፣ ታጥቦ የለቀቀ። ገልብጬ አለበስኳቸው።