የትሩዳ መለከት

ኤቫልድ፦ እኔ የጠየቅኩዎት አንዲት ነገር ናት፣ ፎርማን። በዚህ ጌም ውስጥ ሰው ቀና ብሎ የሚያየው በምን በኩል ነው?

አኺም፦ ቀና ብለህ ምን ልታይ? ደመና ልትቆጥር? የጠፋ ዕቃ ወደ ታች ነው የሚወድቀው። ወደ ላይ የወደቀ ዕቃ አይተህ ታውቃለህ?

ኤቫልድ፦ ኧረ አላውቅም።

አኺም፦ እንግዲያው ዝም በል። ማውዙን ወዲህ አምጣ፣ ወንበሩንም ልቀቅ።

[ኤቫልድ ወንበሩን ለቀቀ። ምን ያድርግ! አርባ ዓመት ከመሬት በታች ከሰል ሲቆፍር አለቃው አኺም ነበር፤ «ተነስ» ሲባል መነሳት አጥንቱ ውስጥ ገብቷል። አሁን ሁለቱም ጡረተኞች ናቸው፤ ቢቶም ከተማ፣ እዚያው የማዕድን ሠራተኞች ሰፈር፣ አንዱ ከላይ አንዱ ከታች ይኖራሉ። ኮምፒውተሩ የኤቫልድ እንዳይመስላችሁ፤ የሚስቱ የትሩዳ ነው። ትሩዳ ስልሳ ስድስት ዓመቷ ነው። ቤተ ክርስቲያን ትዘምራለች፣ ጉልበቷን ያማታል፣ ጌሙ ውስጥ ደግሞ ጥሩር ለብሳ፣ አርባ ጦረኛ አስከትላ ዘንዶ ታድናለች። አሁን ለሠርክ ጸሎት ወጥታለች።]

አኺም፦ ከመጀመሪያው ንገረኝ። ስትወጣ ምን አለችህ?

ኤቫልድ፦ «ፈረሴን አብላልኝ፣ መለከቴን ደህና ቦታ አኑርልኝ፤ ከተማው ውስጥ ሌባ ገብቷል» አለችኝ። ልክ አሥራ አንድ ሰዓት ላይ መለከቱን ትነፋለች፣ አርባው ሰው ይሰበሰባል፣ ዘንዶው ላይ ይወጣሉ።

አኺም፦ ካልነፋችስ?

ኤቫልድ፦ ካልነፋች አንድም ሰው አይመጣም። መለከቱን ለማግኘት ሁለት ዓመት ፈጅቶባታል። ኖርዌይ ያለው የጥርስ ሐኪም ለዛሬ ብሎ ከሥራው ፈቃድ ወስዷል።

አኺም፦ አንተ ደግሞ ጣልከው።

ኤቫልድ፦ አልጣልኩትም እኮ! ቦታው ነው ያደረግኩት። እጄ መግባት ነው እምቢ ያለኝ።

አኺም፦ እጅህ ካልገባ ጠፍቷል ነው የሚባለው! አርባ ዓመት አስተማርኩህ፣ አርባ ዓመት አልገባህም።

ኤቫልድ፦ ትሩዳም «ከጠፋ እርግቦችህን ሾርባ አደርጋቸዋለሁ» ብላለች። የምትጀምረው በሎራ ነው።

አኺም፦ ቀልዷን ነው።

ኤቫልድ፦ ያንን ድስት ያዩታል? ከጠዋት ጀምሮ ምድጃው ላይ ነው። ካሮት አለበት፣ ጨው አለበት፣ ሥጋ የለበትም።

[አኺም ድስቱን አየ። በመስኮቱ በኩል ደግሞ ሎራ፣ ያቺ ነጭ ባለ ግራጫ አንገት እርግብ፣ ደረቷን ነፍታ ወዲያ ወዲህ ትላለች። ምንም አታውቅም።]

አኺም፦ አይዞህ። እኔ ፎርማን አኺም እዚህ ተቀምጬ ነው እርግብ የሚቀቀለው? እኔ እኮ ሰባት መቶ ሜትር ጥልቀት ላይ፣ በጨለማ፣ ሦስት ቀን የተፈለገ ፓምፕ ያገኘሁ ሰው ነኝ። መሐንዲሶቹ ካርታ ዘርግተው ሲያለቅሱ፣ እኔ «ዞር በሉ!» ብዬ...

ኤቫልድ፦ አስታውሳለሁ። ተቀምጠውበት ነበር።

አኺም፦ ተቀምጬበትም ቢሆን ያገኘሁት እኔ ነኝ! ስማ፤ ይህንን መለከት በአሥር ደቂቃ ካላገኘሁ የእኔን ልዕልት፣ ከብራሰልስ ድረስ በርራ ዋንጫ ያመጣችውን እርግብ፣ ትሩዳ ድስቱ ውስጥ ትክተታት! ምያለሁ!

ኤቫልድ፦ ኧረ በልዕልትስ አይማሉ፤ ያሳዝናል። ቀና የሚባልበትን ብቻ ቢያሳዩኝ...

አኺም፦ ዝም! ሥራ ተጀምሯል።

[አኺም መነጽሩን አደረገና ማውዙን እንደ ጡብ ጨምቆ ያዘው። ስክሪኑ ላይ የትሩዳ ቤት ታየ፦ የድንጋይ ግድግዳ፣ የእሳት ምድጃ፣ ሦስት ቁም ሳጥን። የትሩዳ ጦረኛ፣ በጥሩሯ እንዳለች፣ መሀል ቆማለች።]

አኺም፦ ሕግ ቁጥር አንድ። ሰው ደህና ቦታ የሚለው ቁም ሳጥን ነው። በዓለም ላይ እንደ ቁም ሳጥን ያለ ነገር የለም። በር አለው፣ ቁልፍ አለው። ክፈት! ...ዳቦ። ክፈት! ...ጫማ፣ ጫማ፣ አንድ እግር ጫማ። ክፈት! ...ይሄ ምንድን ነው? ሰባ ሁለት ሽንኩርት! ዘንዶ የምትገድል ሴት ሰባ ሁለት ሽንኩርት ምን ያደርግላታል?

ኤቫልድ፦ ለሾርባ ይሆናል።

አኺም፦ ሾርባ አትበለኝ!

ኤቫልድ፦ ቁም ሳጥን ውስጥ አይደለም፣ ፎርማን። እኔ ቁም ሳጥን ውስጥ ምንም አስቀምጬ አላውቅም።

አኺም፦ ለዚህ ነው የጠፋብህ። ያ ደግሞ ማነው?

[ከምድር ቤቱ አንድ ድንክ ወጣ። ፊቱ በጥላሸት የጠቆረ፣ መዶሻ በትከሻው። ኤቫልድ ባርኔጣውን ከራሱ አነሳ።]

ኤቫልድ፦ እግዜር ያቅናህ፣ ወንድሜ!

አኺም፦ አይሰማህም፣ አንተ ቂል! ሥዕል ነው።

ኤቫልድ፦ ይሁና። ከጉድጓድ የወጣን ሰው ሰላም አለማለት ነውር ነው። ለትሩዳ ብር የሚቆፍሩላት እነሱ ናቸው፤ ዘጠኝ ናቸው።

አኺም፦ ቆይ፣ እኔ ልጠይቀው። ሠራተኛን መጠየቅ ለእኔ ተወው።

[አኺም አንዱን ቁልፍ ሊጫን ሌላውን ተጫነ። ጦረኛዋ ሰይፏን መዘዘችና በጠፍጣፋው በኩል ድንኩ አናት ላይ አሳረፈችው። ድንኩ መዶሻውን ጣለ። ከምድር ቤት ሌሎች ስምንት ወጡ፤ እነሱም መዶሻቸውን ጣሉና ደጃፉ ላይ እጃቸውን አጣጥፈው ተቀመጡ።]

አኺም፦ ምን ሆኑ?

ኤቫልድ፦ አድማ መቱ።

አኺም፦ ምን አድርጌያቸው?

ኤቫልድ፦ ያኔም እኮ እንዲሁ ነበር ያሉት። በሳሙናው ጊዜ።

አኺም፦ ሳሙናው እዚህ ምን አገባው!

ኤቫልድ፦ እኛ ለሦስት ሰው አንድ ሳሙና፤ እናንተ ፎርማኖች በራሳችሁ ሻወር፣ ለእያንዳንዱ ሰው መስታወት ያለው ቁም ሳጥን። እና እርስዎ ገብተው «አንዱ ሳሙና ለአራት ይበቃል» አሉ። ወዲያው ቁጭ አልን።

አኺም፦ ኤቫልድ፣ መለከት ነው የምንፈልገው ወይስ የታሪክ መጽሐፍ?

ኤቫልድ፦ መለከት።

አኺም፦ እንግዲያው ሕግ ቁጥር ሁለት። ቁም ሳጥን ውስጥ ካልሆነ ወለል ሥር ነው። ያ መጥረቢያ የማነው?

ኤቫልድ፦ ወለሉን ይተዉት፣ ፎርማን! አምና ነው እብነበረድ ያስነጠፈችው!

[ተወው? አልተወውም። ፈለጠው። ኤቫልድ አይኑን ሸፈነ። ከእብነበረዱ ሥር አንድ አይጥ ወጣ፣ ሁለቱን አያቸው፣ ተመልሶ ገባ። ግድግዳው ላይ ያለው እውነተኛው ሰዓት ለአሥራ አንድ ሃያ ጉዳይ ይላል።]

ኤቫልድ፦ አሥሩ ደቂቃ አለፈ።

አኺም፦ ደቂቃው የተቆጠረው ከቁም ሳጥኑ ወዲህ ነው። አሁን ገበያ እንወጣለን። በእንዲህ ያለ አገር ገበያ ላይ አንዲት አሮጊት አትጠፋም። እነሆ! ምን ይላል ጽሑፉ? «የጠፋ ዕቃ ወዳለበት የሚያመለክት ዱላ።» አላልኩህም? ቁጭ ብሎ የሚያለቅስና ተነስቶ የሚሠራ ሰው ልዩነቱ ይኸው ነው። በምን ነው የምትለውጠው?

ኤቫልድ፦ «በነጭ ፈረስ» ይላል።

አኺም፦ ፈረስ አለን እንዴ?

ኤቫልድ፦ የትሩዳ። ግን እሱንማ...

አኺም፦ ወሰደች!

ኤቫልድ፦ ገና አልበላም ነበር እኮ! አብላልኝ ብላኛለች!

አኺም፦ አሮጊቷ ታበላዋለች። ዱላውን ተመልከት፣ እየጠቆመ ነው! በመንገዱ... በድልድዩ... በዳቦ ቤቱ ግራ...

ኤቫልድ፦ ወደ ቤት እየመለሰን ነው።

አኺም፦ ዝም! በበሩ... ዞር በሉ እናንተ ድንኮች... በእሳት ምድጃው አጠገብ... ቆመ! አሁን የሚያመለክተው... ወደ...

ኤቫልድ፦ ወደ ላይ።

[እውነትም የዱላው ጫፍ ቀጥ ብሎ ወደ ላይ ቆሟል፤ ይንቀጠቀጣል። ኤቫልድ ደስ አለው። ሊናገር አፉን ከፈተ።]

አኺም፦ ተበላሽቷል።

ኤቫልድ፦ ኧረ እንዲያውም ልክ ነው! ቀና ብለን ብናይ...

አኺም፦ ሰማይ ነው የሚያሳየኝ! መለከቱን መላእክት ወስደውታል ልትለኝ ነው? የገበያ ዕቃ ሁሉ እንዲህ ነው! ጉድጓድ ይግባ!

[ዱላው ጓሮ ካለው የውኃ ጉድጓድ ገባ። ቡልቅ አለ።]

ኤቫልድ፦ ፎርማን፣ እውነቱን ይንገሩኝ። ቀና የሚባልበትን አያውቁትም አይደል?

አኺም፦ እኔ? እኔ አላውቅም? ይሄ ጌም ቀና ማለት የሚባል ነገር የለውም! ንጉሥ ያለበት አገር ነው፤ ሰዉ ሁሉ አንገቱን ደፍቶ ነው የሚኖረው!

[የቤተ ክርስቲያኑ ደወል ጮኸ። ጥቂት ቆይቶ የታችኛው በር ተከፈተ። ደረጃው ላይ የትሩዳ እግር ተሰማ፤ አንድ ረጅም፣ አንድ አጭር፣ በዚያ በሚያማት ጉልበት ምክንያት። ኤቫልድ ሄዶ መስኮቱን ከፈተና ሎራን በጣቱ ገፋ አደረጋት።]

ኤቫልድ፦ ሂጂ፣ እናቴ። ወደ ሩቅ ሂጂ። ...አትሄድም ፎርማን፤ ታምነናለች።

አኺም፦ እኔ አልነበርኩም በላት! መብራት ጠፋ በላት!

[አኺም ከወንበሩ ሲዘል እጁ ማውዙን ወደፊት ገፋው። ስክሪኑ ላይ የትሩዳ ጦረኛ አንገቷን ወደኋላ ጣለች። የቤቱ ጣሪያ ወለል ብሎ ታየ። ጣሪያው ላይ፣ በሰንሰለት ጫፍ፣ በመንጠቆ፣ መለከቱ ተንጠልጥሏል። ብቻውንም አይደለም፤ የራስ ቁር፣ ጓንት፣ ያ የጠፋው አንድ እግር ጫማና አንድ ጥንድ ካልሲ አብረው ይወዛወዛሉ።]

ኤቫልድ፦ ለካስ ወደፊት መግፋት ብቻ ነው! ይኸው፣ እንዳደረግኩት አለ።

አኺም፦ ማን... ማን ሰቀለው?

ኤቫልድ፦ እኔ ነኛ። ሥጋ መስቀያ ሰንሰለት አለ፤ ዕቃውን ያያይዙታል፣ ሰንሰለቱን ይስቡታል፣ ወደ ላይ ይሄዳል። ለማውረድ ግን ራሱን ዕቃውን አይተው መጫን ነው። እኔ ደግሞ ማየቱ አቃተኝ።

አኺም፦ ጣሪያ ላይ ዕቃ የሚያስቀምጥ ምን ዓይነት እብድ ነው?

[በሩ ተከፈተ። ትሩዳ የመዝሙር መጽሐፏን ይዛ ገባች፤ የመጨረሻውን ሰምታለች።]

ትሩዳ፦ ቢቶም ውስጥ ያለ ከሰል ቆፋሪ ሁሉ ነዋ። መታጠቢያ ቤታቸው እንዲያ አልነበረም? ልብሱን መንጠቆ ላይ፣ ሰንሰለቱን ስቦ ወደ ጣሪያ፣ ቆልፎ ወደ ሥራ። አባቴም እንዲያ፣ ወንድሞቼም እንዲያ።

ኤቫልድ፦ አርባ ዓመት አንዲት ካልሲ አልጠፋችብኝም።

አኺም፦ ለምን አትነግረኝም ታዲያ!

ኤቫልድ፦ «ቀና የሚባለው በምን ነው» ብዬ ስንቴ ጠየቅኩ! ደህና ቦታ ጣሪያ መሆኑን የማያውቅ ሰው አለ ብዬ መች አሰብኩ?

ትሩዳ፦ እሱ ፎርማን ነበር፣ ኤቫልድ። የሱ ሱሪ ቁም ሳጥን ውስጥ ነው የኖረው። በል ልቀቅ ወንበሬን።

[ትሩዳ ተቀመጠች። አንዴ ተጫነች፤ ሰንሰለቱ እየተንኮሻኮሸ ወረደ፣ መለከቱ እጇ ገባ። ኤቫልድ ትንፋሹን ለቀቀ። ትሩዳ ሁለቴ አፏጨች። ጠበቀች። ደግማ አፏጨች።]

ትሩዳ፦ ፈረሴስ?

ኤቫልድ፦ ፎርማን በዱላ ለወጡት።

ትሩዳ፦ ዱላውስ?

ኤቫልድ፦ ጉድጓድ ገባ።

ትሩዳ፦ ድንኮቼ ደጅ ምን ያደርጋሉ?

ኤቫልድ፦ አድማ ላይ ናቸው።

ትሩዳ፦ ወለሌን ምን ነካው?

[ኤቫልድ አኺምን አየው። አኺም ወደ በሩ እያፈገፈገ ነው።]

አኺም፦ ትሩዳ እህቴ፣ ዋናው መለከቱ መገኘቱ ነው። ማን አገኘው? እጄ ነው ያገኘው! እኔ እንግዲህ ልሂድ፤ ቤት ውስጥ ጣጣ አለብኝ...

ትሩዳ፦ ኤቫልድ፣ ይህ ሰው ሲጀምር በምን ነበር የማለው?

ኤቫልድ፦ እንዴት አወቅሽ?

ትሩዳ፦ ሠላሳ ዓመት ከላያችን ነው የሚኖረው፤ ሳይምል ምስማር መትቶ አያውቅም። በምን?

[ኤቫልድ ውሸት አይችልበትም። ደግሞም ሎራ መስኮቱ ላይ ናት።]

ኤቫልድ፦ በልዕልት። በአሥር ደቂቃ ካላገኘሁት ድስቱ ውስጥ ትግባ ብለዋል።

ትሩዳ፦ ባለ ዋንጫዋ? ጥሩ፤ በደንብ የበረረች ሥጋዋ ጠንካራ ነው፣ መረቋ ግን ይጣፍጣል። እሳቱን ለኩሰው።

[አኺም የለም። ደረጃውን ሁለት ሁለት እየዘለለ ወደ ላይ ወጥቷል፤ ከራሳቸው በላይ ሲሮጥ፣ በር ሲከፍት፣ በር ሲዘጋ ይሰማል። ትሩዳ ምድጃውን ረስታው መለከቱን ነፋች። አርባ ሰው ከአርባ ቤት «እዚህ ነን!» አለ፤ የኖርዌዩ ሐኪም ሁሉ። ኤቫልድ በመስኮቱ አንገቱን አወጣ፤ ደህና አድርጎ ቀና አለ፤ እጁንም አፉ ላይ አደረገ።]

ኤቫልድ፦ አኺም! አንተ አኺም! ልዕልትን ቁም ሳጥን ውስጥ እንዳትደብቃት! ትሩዳ መጀመሪያ የምትከፍተው እሱን ነው!