ጋሽ ጥናትና ጥቁሩ ነጠብጣብ

በየሰፈሩ አንድ ሁሉን የሚያውቅ ሰው አይጠፋም። መንገዱ ሳይጠረግ ሊከርም ይችላል፣ ይህ ሰው ግን የግድ አለ። የእኛ ሰፈሩ፣ አጥር የሚጋሩኝ ጡረተኛ የመጋዘን ኃላፊ ናቸው። ወሬያቸውን ሁሉ «ጥናት አለ» ብለው ስለሚጀምሩ ስማቸው ጋሽ ጥናት ሆኖ ቀረ። ስለ ጥርስ ሕመም ጥናት አለ። ጫማን ከግራ እግር ጀምሮ ስለ ማጥለቅ ጥናት አለ። ጥናቱን በዓይኑ ያየ ሰው ግን እስከ ዛሬ አልተገኘም።

እኔ ቀለም ቀቢ ነኝ። ጎረቤት ከሆንን ዘጠኝ ዓመታችን ነው፣ ክቡርነታቸው አንድም ቀን ሳያርሙኝ አላለፉም። መሰላል ላይ ስወጣ ዘሟል ይሉኛል፣ ስወርድ ደግሞ ቶሎ ወረድክ። የብሩሽ አያያዜንማ ተዉት፤ አውራ ጣት ወደ ላይ መሆን አለበት ባይ ናቸው። እንዲያም ሆኖ የቤታቸውን ግድግዳ ነጭ ቀባልኝ አሉኝ። ሦስት ቀን ሙሉ ወንበር አስወጥተው ከኋላዬ ተቀምጠው አስቀቡኝ። ሲያልቅ ዓይን የሚወጋ ነጭ ሆነ።

በዚያው ሰሞን ጋሽ ጥናት ለሰፈሩ አዲስ ትምህርት አወጁ። ከአናጢው ቤት የሚጣለውን የእንጨት ስብርባሪ አበባ ሥር መጎዝጎዝ ነው። አፈሩ አይደርቅም፣ አረም አይወጣም፣ ጥናት አለ። እውነትም አበባው አማረ። ሰዉ ሁሉ በየግድግዳው ሥር ጎዘጎዘ፣ እኔም አልቀረሁም።

ዝናቡ ሰንበትበት ሲል ነጩ ግድግዳ ላይ ጥቁር ነጠብጣብ ታየ። የመርፌ ራስ የምታህል፣ እንደ ሬንጅ የምትጣበቅ ነገር ናት። ቢያጥቧት አትለቅም፣ በእስፓቱላ ቢፍቋት ምልክቷ ይቀራል። ጋሽ ጥናት አጉሊ መነጽራቸውን ይዘው ወጡና መርምረው ፈረዱ።

«ቀለሙ ነው። ሻጋታ ያለበት ቀለም ነው የቀባኸኝ። ጥናት አለ።»

ለእኔ ብቻ ቢሉኝ ስቄ አልፈው ነበር። ችግሩ ጋሽ ጥናት ያወቁትን ነገር ለብቻቸው አያውቁትም። ሳምንት ሳይሞላ፣ ቤቷን ልቀባላት ተነጋግረን የነበረች ልብስ ሰፊ ሥራው ለጊዜው ይቆይ አለችኝ፤ ስትናገርም ዓይኔን ላለማየት መርፌዋን ትፈልግ ነበር። ሌላም ደንበኛ ተከተላት። ቀለም ቀቢ ስሙ ከጠፋ ምን ሊሠራ ነው፣ መሰላሉን ታቅፎ ይቀመጥ? ደሜ ፈላና ቤታቸው ሄድኩ።

ጋሽ ጥናት ስለ ሻጋታ ማብራሪያውን ጀምረዋል። ባለቤታቸው መስኮት ይወለውላሉ። አንዱ ነጠብጣብ አልለቅ ብሏቸው በጥፍራቸው እየፋቁ፣ ቀና እንኳ ሳይሉ፣

«መስታወቱንም እሱ ነው የቀባው?» አሉ።

ጋሽ ጥናት ማብራሪያቸውን ሳይጨርሱ አጉሊ መነጽራቸውን ይዘው ወደ መስታወቱ ሄዱ። በዘጠኝ ዓመት ማብራሪያ ሲያቋርጡ ሳይ የመጀመሪያዬ ነበር፤ ንዴቴ እንኳ በረደ።

በማግስቱ እርጥብ ስብርባሪ የሞላ ካርቶን ደጃፋቸው ላይ አኖሩ። ከጎኑ ነጭ ወረቀት አቁመው፣ ባርኔጣቸውን ደፍተው ሁለት ቀን ተቀመጡ። በሦስተኛው ቀን ጠሩኝና መነጽሩን ሰጡኝ። ከበሰበሰው እንጨት ላይ ደቃቃ ስኒ የመሰለ እንጉዳይ በቅሏል፤ አፉ እንደ ኮከብ ተከፍቶ፣ መሐሉ ላይ ጥቁር እንክብል ይዟል። ወገቤ እስኪቆረጥ ጎንበስ ብዬ ጠበቅሁ። ድንገት ስኒው ተገለበጠ፤ እንክብሉ የለም። ወረቀቱ ላይ ግን አዲስ ነጠብጣብ ተለጥፏል።

«ዘሩን ነው የሚተኩሰው» አሉኝ። «ብርሃን ወዳለበት ነው የሚያነጣጥረው። እንግዲህ ጥፋቱ ትንሽ የአንተም ነው፣ ግድግዳውን በጣም አነጣኸው።» ከዚያ ባርኔጣቸውን አወለቁ። «ስለ ቀለሙ ግን ሳላጠና ነው የተናገርኩት።»

ይህን ለእኔ ማለታቸው በቂዬ ነበር። እሳቸው ግን ወረቀታቸውን በብብታቸው፣ መነጽራቸውን በኪሳቸው አድርገው ከልብስ ሰፊዋ ጀምረው ቤት ለቤት ዞሩ። ጎዝጉዙ ያልኳችሁ እኔ ነኝ፣ ጥፋቱ የእኔ ነው፣ ልጁ ንጹሕ ነው እያሉ። ከሰዓት በኋላ ድምፃቸው ተዘግቶ ተመለሱ። ልብስ ሰፊዋ በነጋታው መጥታ፣ «አንድ ሰዓት ሙሉ ስለ እንጉዳይ ካስረዱኝ በኋላ ከማስቀባት ሌላ ምን ምርጫ አለኝ» አለችኝ። ሰፈሩ ሁሉ ስብርባሪውን ጠርጎ በምትኩ ጠጠር አፈሰሰ።

ክረምቱ ሲወጣ የእሳቸውን ግድግዳ እንደገና ልቀባ ሄድኩ። መሰላሉን አቆምኩ፣ ቀለሙን በጠበጥኩ። ወንበሩ አልወጣም። ቀለሙን ደግሜ በጠበጥኩት። በሩን አየሁ፣ ሦስተኛም በጠበጥኩ። በመጨረሻ ወንበራቸውን እየጎተቱ ብቅ አሉና ከኋላዬ ተደላደሉ።

«አውራ ጣትህ» አሉኝ።

ወደ ላይ አደረግሁት። በዚያ አያያዝ እጅ ይዝላል፤ እኔ ግን እስከ ምሳ ድረስ እንደዚያው ይዤ ቀባሁ።