የገደል ልጅነት ማረጋገጫ

«ገደል ስትዘዪ የምትዘፍኚው ዘፈን የትኛው ነው?» አለ አያ ዝንጀሮ፣ ከብብቱ ቁንጫ እየለቀመ።

«ስዘል አልዘፍንም» አለች እመት ሽኮኮ። «የምጮኸው ንስር ያየሁ እንደሆነ ነው።»

«ተሳስተሻል። የገደል ልጅ ሲዘል ይዘፍናል።»

«ከመቼ ወዲህ?»

«ባለፈው ስብሰባ ወስነናል።»

ይህ የሆነው አውሬ ከጥርስ ይልቅ ማኅተም መፍራት በጀመረበት ዘመን ነው። ገደሉ ላይ ካሉት ዋሻዎች ገብቶ መክረም የሚችለው የገደል ወገን መሆኑ በዋርካ ቅጠል የተረጋገጠለት ብቻ ነበር። ቅጠሉ ላይ የገደሉ ኮሚቴ ሰብሳቢ የአያ ዝንጀሮ መዳፍ በጭቃ ይመታበታል። የእመት ሽኮኮ እናት በድርቅ ተሰዳ ስለነበር፣ ልጅቷ የተወለደችው ከተማ ዳር፣ ከአንድ አሮጌ ግንብ ሥር ነው። ሰዎች ግንቡን ሲያፈርሱት ልጆቿን ይዛ ወደ እናቷ አገር ተመለሰች። ክረምት ሳይገባ ዋሻ ካላገኘች ልጆቿን ጎርፍ ይወስዳቸዋል።

«አንቺ የግንብ ወገን ነሽ» አላት አያ ዝንጀሮ።

«ግንቡማ ፈረሰ።»

«እሱ እኛን አይመለከትም» አለና ባዶውን ቅጠል አጣጥፎ በላው።

እመት ሽኮኮ ከሰሰች። ዳኛው አባ ኤሊ ነበሩ፤ ዝግታቸው እንደ ጥበብ ተቆጥሮ የተሾሙ።

«ክቡር ዳኛ፣ ይቺ ሴት ዘፈናችንን አታውቅም» አለ አያ ዝንጀሮ። «ግንብ ሥር ተወልዳ ገደሌ ገደሌ ትላለች።»

«መልስ አለሽ ልጄ?»

«አለኝ አባባ። ንስር ሲያሳድደኝ የት ተወለድሽ ብሎኝ አያውቅም። ደግሞ የሽኮኮ ዘር ማንዘር የሚጸዳዳው አንድ ቋጥኝ ላይ ነው። የኛ ከትልቁ ዋሻ በላይ እንዳለ እናቴ ነግራኛለች። የቅድመ አያቶቼ በጠጥ እዚያ ተቆልሎ ደንጊያ ሆኗል። ይታይልኝ።»

ችሎቱ በሳቅ ፈረሰ።

«ሌላው ዘሩን በአባት ይቆጥራል፣ እሷ በበጠጥ» አለ አያ ዝንጀሮ።

አባ ኤሊ አንገታቸውን ቀስ ብለው አወጡ። «አፍ ስለ አያቱ ይዋሻል፤ በጠጥ ግን አይዋሽም። ሄጄ በዓይኔ አያለሁ።»

እመት ሽኮኮ በደስታ ልትዘል ስትል የዳኛውን እግር አየች።

«አባባ፣ ልጆቼና እኔ ብንሸከምዎትስ?»

«ከሳሽ ዳኛን አይሸከምም። ጉቦ ነው» አሉና ጉዞ ጀመሩ።

ሣሩ ደረቀ፣ ጅረቱ ቀጠነ፣ አባ ኤሊ ገና ከሜዳው አልወጡም። እመት ሽኮኮ ማልዳ እየሄደች ታያቸዋለች፤ ሁልጊዜ መንገድ ላይ ናቸው። በዚህ መሀል አያ ዝንጀሮ ዘፈኑን ላጠና ሁሉ ቅጠል ሲያድል ሰነበተ። የሜዳው ከርከሮ እንኳ ድምፁ ወፍራም ነው ተብሎ የገደል ልጅ ሆነ። ዳኛ ይዘገያል፤ ደመና ግን ቀጠሮ አይጠብቅም።

አባ ኤሊ ቋጥኙ ሥር የደረሱት ከመጀመሪያው ነጎድጓድ ጋር ነው። ቁልሉን አዩ፣ አሸተቱ፣ አስነጠሱ።

«ይቺ ሴት የገደል ልጅ ካልሆነች ገደሉም ገደል አይደለም» ብለው ፈረዱ። «ማረጋገጫው ይሰጣት።»

አያ ዝንጀሮ ቅር አላለውም። መዳፉን በእርጥቡ ጭቃ ነክሮ ቅጠሉን መታና «እንኳን ደስ ያለሽ፣ እህት ዓለም» አላት። ቅር አለማለቱ አልጣማትም።

ቅጠሉን በጥርሷ ነክሳ፣ ልጆቿን አስከትላ፣ በዶፉ ውስጥ ወደ ትልቁ ዋሻ ሮጠች። ከርከሮ አንገቱን ብቅ አደረገ።

«ማን ልበል?»

«የገደል ልጅ ነኝ። ይኸው ማረጋገጫዬ።»

ከርከሮ ቅጠሉን ገልብጦ አየው። «ትክክለኛ ነው። ጭቃውም ገና አልደረቀም» አለ። «ውስጥ ያለነው ሁላችንም እንዲህ ያለ ቅጠል አለን። የሌለው ቦታ ነው።»

«ቦታ አልፈልግም፤ ልጆቼን ብቻ አስገባልኝ» አለች። ጎርፉ ቁርጭምጭሚቷ ደርሶ ነበር።

«ቅጠሉን እንዳታረጥቢው» አላት ከርከሮ፣ በሩን የሚዘጋውን ድንጋይ በትከሻው እየገፋ። ድንጋዩ ተንከባሎ ገጠመ።