አዋጅ ያልወለደን ሠራተኞች

በእኛ አገር «ጊዜያዊ» የተባለ ነገር ዕድሜው ረጅም ነው። ጎርፍ የወሰደውን ድልድይ እንዲተካ በጊዜያዊነት የተጋደመ ግንድ ሁለት የወረዳ አስተዳዳሪ ሸኝቶ ሦስተኛውን ሲቀበል አይታችሁ ይሆናል። እኔም ጊዜያዊ ነበርኩ። ስምንት ዓመት።

የምሠራው ከአምቦ ወደ ነቀምት በሚወስደው መንገድ ዳር ካሉት ከተሞች በአንዷ፣ በፖሊስ ጽሕፈት ቤት፣ መዝገብ ቤት ውስጥ ነበር። የከተማዋ ስም ይቅርባችሁ፤ እጃጂ ናት ብትሉም ጌዶ ናት ብትሉም አልከራከርም፤ ክርክር ጠግቤያለሁ። ፖሊስ ጋ ነው የምሠራው ስል ሰው ወንበር ይለቅልኝ ነበር፤ ማዕረግ የለኝ፣ ዱላ የለኝ፣ ያለኝ አቧራና ፋይል። ከእኔ ማዶ ያለችው ክፍል የአዴ ጫልቱ ናት። ጫልቱ የጽሕፈት ቤቱ ብቸኛ ጸሐፊ፣ ባሏ የሞተባት፣ በቤተ ክርስቲያኗ መዘምራን የምትመራ፣ ከመዝሙር ውጭ ድምፅዋን ከፍ አድርጋ የማታውቅ ሴት ነበረች። እሷም ጊዜያዊ። ዘጠኝ ዓመት።

አንድ ሰኞ ጠዋት ለሁለታችንም ደብዳቤ ደረሰን፤ ውላችሁ ስላበቃ ከዛሬ ጀምሮ ተሰናብታችኋል ይላል። ውላችን እኮ በየስድስት ወሩ ያበቃል፤ በየስድስት ወሩም ማንም ሳያነሳው ይቀጥላል። ምክንያት አልተጻፈም። በእኛ ቦታ የትኞቹ የኃላፊው ዘመዶች እንደሚቀጠሩ ግን ከተማው ሁሉ ያውቅ ነበር።

እኔ ፈርሜ ወጣሁ። እውነቱን ልንገራችሁ፣ ፖሊስን መክሰስ ለእኔ የጉደርን ወንዝ ሽቅብ ፍሰስልኝ ብሎ እንደ መለመን ነበር። ጫልቱ ግን ደብዳቤውን ሁለት ጊዜ አንብባ፣ ምክንያቱን እስክትጽፉልኝ አልቀበልም ብላ ለኃላፊው መለሰችለት። ከሰዓት በኋላ ቤቴ መጣች። ልተወው ነው አልኳት።

«ኦቦ ታደሰ፣ ‹በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ› ሲባል አልሰሙም? እንሸነፍ ካሉም ተከራክረን እንሸነፍ።»

ሚስቴ ጓዳው በር ላይ ቆማ ትሰማ ነበር። እንዲህ ነው እንግዲህ ደፋር የሆንኩት።

የወረዳው ፍርድ ቤት ጉዳዩን የማየት ሥልጣን የለኝም ብሎ መለሰን። ይግባኝ ብለን ወደ አምቦ መመላለስ ጀመርን። በከተማችን ሰላምታ የሚሰጠን ሰው እየቀነሰ ሄደ፤ ወንበር የሚለቅልኝማ የለም። ጫልቱ አውቶቡስ ውስጥ ማመልከቻችንን ጉልበቷ ላይ ዘርግታ ታነባለች፤ እኔ በመስኮት የጤፍ ማሳ እየቆጠርኩ ለምን ገባሁበት እላለሁ።

የጽሕፈት ቤቱን ጉዳይ ይዞ የቆመው ነገረ ፈጅ ያቀረበው ክርክር እስከ ዛሬ ይደንቀኛል። ፖሊስ ስላልሆኑ የፖሊስ ደንብ አይመለከታቸውም አለ። ቋሚ ስላልሆኑ የመንግሥት ሠራተኞች ሕግም አይመለከታቸውም። የሚሠሩት ፖሊስ ቤት በመሆኑ ደግሞ የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ አይመለከታቸውም። ሲጨርስ እኔ ክንዴን ዳሰስኩ፤ መኖሬን ላረጋግጥ።

የመሐል ዳኛው መልስ አላችሁ ወይ ሲሉ ጫልቱ ተነሣች። ክርክሩ በኦሮምኛ ነበር፤ ቃሉን በአማርኛ አወራላችኋለሁ፣ የድምፅዋን እርጋታ ግን በየትኛውም ቋንቋ አልችልበትም።

«ሦስቱም ሕግ ካላወቀኝ፣ ዘጠኝ ዓመት ያሠሩኝ በየትኛው ሕግ ነው? ሕግ አስከባሪ ቤት ውስጥ ያለ ሕግ ነበር የምሠራው?»

ነገረ ፈጁ ወረቀቱን ገለበጠ። ደግሞ ገለበጠ። ዳኞቹ ተያዩ።

ከብዙ ቀጠሮ በኋላ ተፈረደልን። የማያቋርጥ ሥራ የሚሠራ ሰው ጊዜያዊ ስለተባለ ብቻ ጊዜያዊ አይሆንም፣ ያለ ምክንያት መሰናበታቸው ሕገ ወጥ ነው፣ ወደ ሥራቸው ይመለሱ ተባለ። እኔ አለቀስኩ። ጫልቱ የውሳኔው ግልባጭ መቼ እንደሚደርስ ጠየቀች።

ተመለስን። በሦስተኛው ቀን ነገረ ፈጁ በእጁ የጻፈውን ስድስት ገጽ ይዞ የጫልቱ በር ላይ ቆመ። የሰበር አቤቱታ ነው፤ የእነዚህ ሰዎች ወደ ሥራ መመለስ ስህተት ስለሆነ ይሻርልን የሚል። በጫልቱ ቦታ ተቀጥራ የነበረችው ስንመለስ ለቃለች፤ ሌላ ጸሐፊ ደግሞ ቤቱ የለውም። ሰውየው ውጭ ላስጽፈው ይሆን እያለ ሲንተባተብ ክፍሌ ሆኜ ሰማሁት።

«ያምጡት» አለችው። «የጽሕፈት ቤቱ ጸሐፊ እኔ ነኝ። ፍርድ ቤት ነው ያለው።»

እንድንባረር የሚለምነውን አቤቱታ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ጻፈችው፤ አንድ ቃል ሳታጎድል፣ አንድ ቃል ሳትጨምር። ከዚያ የወጪ ቁጥር እንድሰጠው ወደ እኔ አመጣችው። ሰጠሁት። ምን ላድርግ፤ ሥራዬ ነው።

ሰበር ችሎቱ የሕግ ስህተት አላገኘሁም ብሎ አቤቱታውን ዘጋው። መልሱ ሲመጣ ገቢ ብዬ የመዘገብኩትም እኔው ነኝ። ኃላፊው እጅ ያደረስኩት ግን እኔ አይደለሁም፤ ያንን ደስታ ለማን እንደተውኩላት እናንተው ታውቃላችሁ።